የማርስ ሽማግሌዎች

እዚህ ማርስ ላይ የተዋደዱ ሁለት ሰዎች ፎርም ሞልተው መጋባት ይችላሉ። እኔ ግን ውህብን «ከወደድከኝ አባቴ ዘንድ ሽማግሌ ላክ» አልኩት።

አባቴ ያለው ፍኖተ ሰላም ነው። ከዚህ የተነገረ ቃል እሱ ጋ ለመድረስ ሃያ ደቂቃ ይፈጃል፤ መልሱም እንደዚያው። በእኛ ወግ ደግሞ ሽማግሌ መልስ ሳያገኝ አይቀመጥም።

ቅዳሜ በቀጠሮው ሰዓት ሦስቱ ሽማግሌዎች ጋቢያቸውን አጣፍተው ስክሪኑ ፊት ቆሙ። እኔ በሩ ጥግ ሆኜ አያቸዋለሁ። አንጋፋው ጋሽ ሰንደቁ ጉልበታቸውን ያማቸዋል።

«ልጅዎን ለልጃችን እንዲሰጡን ልንለምን መጥተናል» አሉ።

ሦስት ደቂቃ ሳይሞላ አባቴ ስክሪኑ ላይ ብቅ አለ። መልእክቱን አስቀድሞ ልኮት ኖሯል። ከኋላው፣ ሳሎኑ ውስጥ፣ ማንም የማይቀመጥባቸውን ሦስት ወንበሮች ደርድሮ ሦስት ብርጭቆ ጠላ ቀድቶ አስቀምጧል።

«ጥያቄያችሁ ገና አልደረሰኝም» አለ። «ቢሆንም ሽማግሌ አቁሜ አላውቅም። ልጄን ሰጥቻለሁ። በሞቴ፣ ተቀመጡ!»

እንባዬ መጣ። ወንበር ይዤ ወደ ጋሽ ሰንደቁ ሮጥኩ።

«ይቀመጡ እንጂ፣ ፈቀደ እኮ!»

«የለም ልጄ» አሉኝ፣ ጉልበታቸውን እያሹ። «ቃላችን ገና መንገድ ላይ ነው። እሱ ሳይደርስ እኛ እንዴት እንቀመጣለን?»

እናም አባቴ ደጃፍ ላይ እንዳሉ ሁሉ፣ ሃያ ደቂቃውን ሞልተው ቆሙለት።