ለመርከብ ያደገው ባሉጥ

ማዳለን ስሱን ጣውላ ባሉጥ ዛፉ ላይ ለጠፈችው። ገጠመ። ከግንዱ ወደ ጎን የወጣው ወፍራም ቅርንጫፍ ቀስ ብሎ ወደ ላይ ሲታጠፍ ጣውላውም እንደዚያው ይታጠፋል፤ መሀላቸው ጣት አያስገባም።

«ኧረ ጉድ!» አለ ዛፍ ቆራጩ ኮልዶ፣ የሞተር መጋዙን መሬት አስቀምጦ። «በልኩ የተሰፋ ሱሪ'ኮ ነው!»

ሽማግሌው ኢናሽዮ አልሳቀም። ጣውላው የተቆረጠው፣ ከአራት መቶ ሃምሳ ዓመት በፊት ዓሣ ነባሪ ሊያድን ሄዶ ከውቅያኖስ ማዶ በሰጠመ መርከብ የጎድን እንጨት ልክ ነው። ማዳለን የአርኪዮሎጂ ባለሙያ ናት፤ ጎድኑን ባሕር ውስጥ ጠልቃ የለካችው ራሷ ናት። ያ መርከብ አሁን እንደ ጥንቱ እየተሠራ ነው፤ የቀረው ይህ አንድ እንጨት ብቻ ነው።

ባሉጡን ያጣመመው የኢናሽዮ አባት ነበር፤ ለጋው ቅርንጫፍ ላይ ድንጋይ እያንጠለጠለ። የመርከብ እንጨት ፈላጊ ከጠፋ ቢቆይም የቤቱ ሰው ከቅድመ አያቶቹ ጀምሮ ዛፍ ማሳደግ ሲባል ለመርከብ እንጂ ሌላ አያውቅም። ኢናሽዮም ሲንከባከበው ሰማንያ ሞላው። የመርከቡ ስብርባሪ ተገኘ ከተባለ ወዲህ ደግሞ መንደርተኛው «የሰጠመው በእናንተ እንጨት አይደል?» ይለዋል። ነገሩ ሲያብከነክነው ከርሟል።

«ልጄ፣ ከመቁረጣችሁ በፊት አንድ ነገር ንገሪኝ። እንዳትሸነግዪኝ። ለምን ሰጠመ?»

«የዚህ ሸለቆ እንጨት ስለሆነ ነዋ!» አለ ኮልዶ እየቀለደ።

«አንተ አፍህን ዝጋ! እንጨቱ ከድቷቸው ከሆነ ይሄንን አላስነካም።»

ማዳለን ጣውላውን አወረደች። «የዓሣ ነባሪውን ዘይት ጭኖ ሊመለስ፣ ወደቡ ውስጥ ታስሮ ቆሞ ነበር፣ አባባ። ማዕበል ተነሣ። ገመዱ ተበጠሰና ከዓለት ጋር ተላተመ።»

«እንጨቱስ?»

«እንጨቱማ ምን አለበት! ጎድኖቹን ሳገኛቸው የመጥረቢያው ምልክት ሳይቀር ይታይ ነበር።»

«ገመዱ!» አለ ኢናሽዮ። «ሰማህ፣ ኮልዶ? ገመዱ ነው!» ግንዱን በመዳፉ መታ መታ አደረገው። «በሉ ቁረጡት። ገመዱን ግን ዘንድሮ ደህና ግዙ።»

መጋዙ ሲያጓራ ኢናሽዮ ፊቱን አላዞረም። ቆቡን አወለቀ። ኮልዶ ቀና ብሎ ሲያየው ግን ሽማግሌው አፈረና፣ የመጋዝ ብናኝ እንዳረፈበት ሁሉ ቆቡን ጉልበቱ ላይ ያራግፍ ጀመር። ብናኙ ገና እሱ ዘንድ አልደረሰም ነበር።