ቀድማ የምትስቀው ሴትዮ

ክላይቭ ሪሞቱን አነሳ። የፈረስ እሽቅድምድሙ ሊጀመር አምስት ደቂቃ ቀርቶት ነበር፤ ሊድስ ባለው የአረጋውያን መኖሪያ ሳሎን ደግሞ ከሰዓት በኋላ ሪሞቱ የክላይቭ ነበር።

"ትንሽ ቆይልኝ" አለ መስኮቱ ሥር የተቀመጠው ሽማግሌ።

"ለዚህ አሮጌ ኮሜዲ? ስንት ጊዜ ደጋግመውታል እኮ።"

"እኔ ነኝ የጻፍኩት።"

"እኔም ድሮ ጳጳስ ነበርኩ" አለ ክላይቭ፤ ሪሞቱን ግን ጭኑ ላይ መለሰው። "እስቲ ስምህ ሲወጣ እናያለን።"

ሽማግሌው ዓይኑን ከቴሌቪዥኑ አልነቀለም። ስሙ የሚወጣው መጨረሻ ላይ ነው፤ ያኔ ደግሞ ጣቢያው የሚቀጥለውን ፕሮግራም እያስተዋወቀ ስሞቹን ሁሉ አንድ ጥግ ላይ ጨምቆ ያሳልፋቸዋል። በሠላሳ ዓመት ውስጥ ስሙን አንብቤያለሁ ያለው ሰው አልነበረም። ደግሞም የሚጠብቀው ስሙን አልነበረም።

ቴሌቪዥኑ ላይ የቧንቧ ሠራተኛው የቄሱን በር አንኳኳ። ሽማግሌው የመስሚያ መሣሪያውን ወደ ጆሮው ገፋ አደረገው። ሠራተኛው ቀልዱን ለመናገር ገና አፉን ሲከፍት፣ ኮሜዲው ሲቀረጽ ስቱዲዮ ውስጥ ከነበሩት ተመልካቾች መሃል አንዲት ሴት ብቻዋን በሳቅ ፍርስ አለች። ሌላው ሰው የሳቀው ቀልዱ ከተነገረ በኋላ ነው።

"ይቺ ሴትዮ ምን ነካት?" አለ ክላይቭ። "ገና ምን ተባለና ነው የምትስቀው?"

"ባለቤቴ ናት" አለ ሽማግሌው። "ጽሑፌን በታይፕ የምትመታልኝ እሷ ነበረች። በቃ፣ አሁን ወደ ፈረስህ ቀይረው።"