ብርብራው የሚያጋድልላት ሴት

ዛፎች ወደ ተከላቸው ሰው ማጋደል ከጀመሩ ሦስት ዓመት ሆኗቸዋል። ይርዳው ግን ጉራውን አልቀነሰም። በጅማ ከእሱ ግቢ ብርብራ የሚረዝም ዛፍ የለም፤ ጫፉ ላይ ለመድረስ ወፎች እንኳ መንገድ ላይ ያድራሉ። «ልጄ የተወለደች ሰሞን በዚህ እጄ ተከልኩት» ይላል። ታዲያ ለምን አያጋድልልህም ሲሉት፣ «ይፈራኛል» ብሎ ያስቃቸዋል።

እሑድ ልጁን ለጋብቻ ሊጠይቁ የመጡ ሽማግሌዎች ከብርብራው ሥር ተቀመጡ። አንደኛው ወደ ጓሮ አየት አድርገው፣ «ጋሽ ይርዳው፣ እዚህ ይህ ሁሉ ፀሐይ እያለ ወይዘሮ ዘርፌ ልብስ የሚያሰጡት ምነው ከዚያ ጭቃ ላይ?» አሉ።

ይርዳው ሊቀልድ አፉን ሲከፍት ነገሩ ገባው። ሚስቱ ሦስት ዓመት ሙሉ በዚህ ዛፍ አጠገብ አልፋ አታውቅም፤ ገበያ እንኳ የምትወጣው በጓሮ በር ነው። ዛፉ እንዳያጋልጠው ብላ ኖሯል። እሱ ደግሞ ሦስት ዓመት ሙሉ ሸሚዜ ሻገተ እያለ ሲጮህባት ከርሟል። ፊቱ ጋለ።

«ዘርፌ፣ አንሶላውን ይዘሽ ነይ።»

«ተው አንተ፣ እንግዳ አለ» አለች ከጓሮ፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ።

«ነይ ግድ የለም።»

መጣች። ያ ሰማይ ጠቀስ ዛፍ እንደ አሮጌ በር ሲጢጥ እያለ ጎንበስ አለላት፤ ሐምራዊ አበባው ትከሻዋ ላይ ረገፈ።

«እሷ አራስ ሆና ስትተክለው እኔ ጠጅ ቤት ነበርኩ» አለ ይርዳው ለሽማግሌዎቹ። ከዚያ አንሶላውን ተቀብሏት ዝቅ ባለው ቅርንጫፍ ላይ አሰጣና ከአንሶላው ጀርባ ቆሞ ቀረ።