የመልበሻ ክፍሉ በር

የግሪኳ ከተማ የፓትራ ቡድን ከሊጉ በወረደበት ቀን የገዛ ደጋፊዎቹ የመልበሻ ክፍሉን በር በቡጢ ይደበድቡ ጀመር። ተጫዋቾቹ ጥግ ላይ ተኮለኮሉ። በዚሁ ሜዳ አሥራ ስድስት ዓመት ቅርጫት ኳስ የተጫወተው አሰልጣኝ ሌፍቴሪስ የበሩን እጀታ ያዘ።

«ኮች፣ በእናትህ እንዳትከፍተው!» አለ አምበሉ።

ከፈተው። ድሮ ሲያሸንፉ ትከሻው ላይ ተሸክሞት ይጨፍር የነበረው ደጋፊው ስታማቲስ ከፊት ለፊቱ ተገትሮ ነበር፤ ሸምግሏል፣ ዓይኑ ደም ለብሷል።

«አንተ ስትጫወት እንዲህ ተዋርደን እናውቃለን? ያኔ ማንንም አትፈራም ነበር!»

«እናንተን እፈራ ነበር» አለ ሌፍቴሪስ። «ከእያንዳንዱ ጨዋታ በፊት እዚሁ ክፍል ውስጥ አስታውክ ነበር።»

ሽማግሌው አንገቱን አስግጎ ጥግ የተኮለኮሉትን ተጫዋቾች አያቸው። ከዚያ ከኋላው ወደቆሙት ደጋፊዎች ዞረ።

«ዞር በሉ» አላቸው፤ «ልጆቹ ይለፉ።»