የተመለሰለት ሠላሳ ዓመት

የመሬት ቢሮው በአጥናፉ ማመልከቻ ላይ ሳይወስን ሠላሳ ዓመት ስላጉላላው፣ ፍርድ ቤቱ በአዲሱ ሕግ መሠረት በመጠበቅ ያለፈውን ዕድሜውን መለሰለት። ጠዋት በከዘራ የወጣው ሽማግሌ ከሰዓት ጎልማሳ ሆኖ፣ ከዘራውን በብብቱ ይዞ ቤቱ ገባ።

ሚስቱ ትርንጎ እንደ ወትሮው የሁለቱንም ዳቦ ሻይ ውስጥ አርሳ ነበር የጠበቀችው። ሙሉ ጥርሱን ስታይ ደነገጠች።

«እኔስ?»

«ማመልከቻው ላይ ስምሽ የለም አሉኝ።»

«የአባወራው ስም ይበቃል ያልኩህ እኔው ነኝ» አለች፤ መከራከር እንኳ አላማራትም። «መሬቱንስ ሰጡህ?»

«ገና ነው። አሁንማ ጎልማሳ ነህ፣ መጠበቅ ትችላለህ አሉኝ።»

ትርንጎ የእሱን ዳቦ ወደ ራሷ ሳበች።

«እንግዲህ አንተ ጠብቃቸው» አለች። «ያንን ከዘራ ግን ለእኔ ተውልኝ።»