ደረቁ ዓሣ

አዳኙ ቶራማትሱ በትሩን በረዶው ውስጥ ተክሎ ቆመ። "ከዚህ አልፌ አልመራችሁም" አለ፣ ዓይኑን ከሴትዮዋ ሳይነቅል። ቀይ ኪሞኖ ለብሳ፣ ፊቷን ነጭ ተቀብታ ትሽኮረመማለች። የተራራዋ አምላክ መልከ ጥፉ ናት፤ ቆንጆ ሴት ደጇን ከረገጠች በቅናት በረዶውን ትንዳለች። ለዚህ ነው አዳኞች ከእሷ የባሰ አስቀያሚ ደረቅ ዓሣ ይዘው የሚወጡት፤ እሱን ስታይ ትጽናናለች።

"ስንቴ ልንገርህ፣ አያ ቶራማትሱ? ወንድ ነው!" አለ ፊልም አንሺው። "በእኛ ፊልም ሴት ሆኖ የሚጫወተው ወንድ ነው።"

"የከተማ ሰው ምን የማይለው አለ! ደግሞ ቀስ በል፣ እዚህ አይጮህም።"

"ሴትዮዋ" ዊጓን አወለቀች። የተላጨ ራስ ብቅ አለ። "ጺሜም እስኪያድግ ትጠብቃለህ፣ አባቴ? ብርዱ ጨረሰኝ እኮ!" አለ ተዋናዩ በጎርናና ድምፅ። ሁሉም ሳቁ። ቶራማትሱም አፍሮ ሳቀና ማውጣት የጀመረውን ዓሣ ወደ ብብቱ መለሰው።

ተዋናዩ ዊጉን አጥልቆ ብቻውን ወደ ነጩ ሜዳ ገባ። ካሜራው መቅረጽ ጀመረ። ተዋናዩ ወደቀ፣ ተነሣ፣ እጁን ወደ ተራራው ዘርግቶ እንደገና ወደቀ። "ምስኪን፣ ይህን ውበት ይዛ በብርድ ልትሞት ነው" አለ ቶራማትሱ በልቡ፤ እንባው መጣ።

ከዚያ ክው አለ። የተላጨውን ራስ በዓይኑ ያየው እሱ እንኳ እንዲህ ከተታለለ፣ ለተራራዋ አምላክስ ወንድ መሆኑን ማን ነገራት?

እጁን ወደ ብብቱ ሰደደ። ከላይ በረዶው ሲሰነጠቅ ተሰማ።