ሃያ ሰባት ፊርማ

«ቦርሳሽን ያዢና ከእህትሽ ጋር ወደ ቤት ሂጂ…»

መምህሩ ይህን ሲላት ዓይኗን ማየት አልቻለም።

ኖሊን ያኔ ስምንት ዓመቷ ነበር። የጀመረችውን ሂሳብ እንኳ አልጨረሰችም…

ጊዜው 1964 እ.ኤ.አ. ነው። ቦታው የኛው ከተማ፣ አውስትራሊያ፣ ኒው ሳውዝ ዌልስ፣ ላክላን ወንዝ ዳር።

ነጭ ወላጆች «ልጆቻችን ከአቦርጂናል ልጆች ጋር አይማሩም» ብለው ወረቀት ፈርመው ነበር። ሃያ ሰባት ሰው።

በዚያ ዘመን ይኼ ይበቃ ነበር።

አሥራ አንድ የዊራጁሪ፣ ማለትም የኛ የአቦርጂናል ሕዝብ፣ ልጆች በዚያው ቀን ተባረሩ። ኖሊንና የአሥራ አንድ ዓመት እህቷ ኮራሊም ከነሱ መሀል ነበሩ።

ኮራሊ ዳግመኛ የትምህርት ቤት ደጅ አልረገጠችም። ዕድሜዋን ሆስፒታል ውስጥ አንሶላ ስታጥብ ኖረች። ደብዳቤ ሲመጣላት ታናሽ እህቷ ናት የምታነብላት…

ኖሊን ግን እልኸኛ ነበረች።

ከከተማው ውጪ ለአቦርጂናል ልጆች በተሠራች የቆርቆሮ ክፍል ትምህርቷን ቀጠለች። በሃያ ዓመቷ ያባረራት ትምህርት ቤት ውስጥ ረዳት ሆና ገባች። ሥራዋ ቀለም መበጥበጥና የሕፃናት አፍንጫ መጥረግ ነበር።

በሠላሳ ዓመቷ ዲግሪዋን ይዛ እዚያው መምህርት ሆነች።

ከዚያ የድምፅ መቅረጫ ቴፕ ተሸክማ አሮጊቶቻችን ዘንድ ቤት ለቤት ትዞር ጀመር። በልጅነታቸው ቋንቋችሁን ተናገራችሁ ተብለው የተገረፉ ናቸው… አንዷማ በር ካልተዘጋ አልናገርም አለቻት።

ኖሊን በሩን እየዘጋች አንድ አንድ ቃል ለቀመች።

በየዓመቱ ለትምህርት ቤቱ ያው ጥያቄ ታቀርባለች፦ ዊራጁሪኛ ለሁሉም ልጅ ይሰጥ፣ ለኛም ለነጮቹም። በየዓመቱ «ጊዜው ገና ነው» ይሏታል።

አሥራ አንድ ዓመት እንደዚህ አለፈ።

እስከዚያው ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት ቤተ መጻሕፍት ውስጥ አዋቂዎችን ቋንቋውን በነፃ ታስተምር ነበር። እኔም ተማሪዋ ነበርኩ። ስምንት ነበርን።

አንድ ሐሙስ ዘጠነኛ ሰው መጣ።

ሜርቪን ይባላል። ወደ ስልሳ የተጠጋ ነጭ በግ አርቢ ነው። ኮፍያውን አውልቆ በሩ ላይ ቆመ።

አብሮን የሚማረው አጎቴ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ «መንገድ ተሳስቶ ነው… የበግ ጨረታው ማዶ ነው» አለኝ።

ኖሊን ግን ወንበር ሳበችለት።

ሰውየው ለቋንቋ ድንጋይ ነበር። አንዲት ቃል ለማውጣት ሲታገል ፊቱ ቲማቲም ይመስላል። እኛ እንስቃለን፣ እሱም ይስቃል። ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ሐሙስ አልቀረም። በኋላማ ሻይ የሚቀዳለት አጎቴ ሆነ።

በ1999 እ.ኤ.አ. አዲስ ርዕሰ መምህር መጣና «ወላጆች ይወስኑ» አለ።

የተቃውሞው መሪ ማን ሆነች መሰላችሁ? ሊያን፣ የሜርቪን ልጅ።

ክፉ ሴት አልነበረችም። ልጇ ማንበብ ከብዶታል፣ ያለችው ሰዓት በሌላ ቋንቋ እንዳትባክንበት ፈራች። በስብሰባው ላይ ይህንኑ ስትናገር ብዙ ሰው አጨበጨበላት።

ያኔ አባቷ ከኋላ ተነሳ።

«ከዚህ ትምህርት ቤት አሥራ አንድ ልጆች ሲባረሩ ከፈረሙት አንዱ እኔ ነኝ» አለ። «አንዷ መምህርት ኖሊን ነበረች።»

ኮፍያውን በእጁ እንደያዘ ቀጠለ።

«በግ እየሸለትኩ ነበር ወረቀቱ የመጣልኝ። እጄን ሱሪዬ ላይ ጠርጌ ፈረምኩ። ምን እንደሚል አውቅ ነበር። ለልጄ ብዬ ነው የፈረምኩት። ዛሬ ልጄ ለልጇ ብላ ስትቆም ሳይ… መቀመጥ አቃተኝ።»

ሊያን ዞራ አየችው። «አባዬ፣ ለምን አልነገርከኝም?»

«አፍሬ ነው።»

ድምፅ ሲሰጥ ስልሳ አራት ለአርባ አንድ፣ ቋንቋችን አለፈ። ሊያን ለድጋፍም ለተቃውሞም እጇን አላወጣችም።

ስንወጣ ሜርቪን በረንዳው ላይ ኖሊንን ጠበቃት። እኔ አጠገቧ ነበርኩ።

«እንግዲህ እርስዎም አወቁት… ከአሁን በኋላ ሐሙስ አልመጣም» አላት።

«አውቅ ነበር» አለችው።

አልገባውም።

«ወረቀቱን ከመዝገብ ቤት ካወጣሁት ሃያ ዓመት ሆኖኛል። ሃያ ሰባቱንም ስም በቃሌ አውቀዋለሁ። እርስዎ ሦስተኛ ነዎት። በሩ ላይ የቆሙ ዕለት ነው ያወቅኩዎት።»

ሰውየው ጠየቃት፦ «ታዲያ ለምን ወንበር ሰጡኝ?»

«ስምዎን ነበር የማውቀው… እርስዎን አላውቅዎትም ነበር።»

ይቅርታ ሲጠይቃት ግን አቋረጠችው። የራሷን ድርሻ ድሮ እንደተወችለት፣ የኮራሊን ግን እሷ ልትሰጠው እንደማትችል ነገረችው። ቤቷ ከሆስፒታሉ ጀርባ ነው፣ ብቻዎን ይሂዱ አለችው።

ሄደ።

ኮራሊ በሩን ሳትከፍት ከውስጥ ሆና ሰማችው። ሲጨርስ «ሰምቻለሁ» ብላው ከበሩ ራቀች።

በሳምንቱ ተመልሶ ሄደ። በሳምንቱም… በአራተኛው ጊዜ በሩ ተከፈተ። ውስጥ ምን እንደተባባሉ እስከ ዛሬ የሚያውቅ የለም።

ወገኖቼ፣ እኔ «አክስት» ብለን ከምንጠራት ከኖሊን የተማርኩት ይህን ነው፦ በደልን ሳይረሱም ለበደለኛው ወንበር መሳብ ይቻላል። ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው ደግሞ እውነቱን መናገር ያለበት የበደላቸው ሰዎች ደጅ ድረስ ሄዶ ነው።

እስቲ ከልባችሁ መልሱልኝ…

በኮራሊ ቦታ ብትሆኑ በሩን ትከፍቱለት ነበር? በስንተኛው ጊዜ? 👇